ፍርድ ተገኘ ማለት በር ተከፈተ ማለት አይደለም

የህንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሴፕቴምበር 28 ቀን 2018 አንድ ትልቅ ውሳኔ ሰጠ (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ቀኖች ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። በኬረላ ግዛት ያለው የሳባሪማላ የሂንዱዎች ቤተ መቅደስ ዕድሜያቸው ከ10 እስከ 50 የሆኑ ሴቶችን ማገዱ ሕገ መንግሥቱን ይጥሳል አለ፤ ድምፁም 4 ለ 1 ነበር። ክሱ ከቀረበ 12 ዓመት ሆኖት ነበር። በቀጣዩ ወር ቤተ መቅደሱ ሲከፈት ግን ወደዚያ ያቀኑ ሴቶች ገሚሶቹ ከኒላካልና ከፓምባ፣ ገና ዳገቱ ሳይጀመር፣ ተመለሱ። ሌሎቹ በፖሊስ ታጅበው ደጃፉ አጠገብ ከደረሱ በኋላ ተቃዋሚዎች መንገድ ዘግተውባቸው ወረዱ። ጃንዋሪ 2 ቀን 2019 ቢንዱ አሚኒና ካናካዱርጋ የተባሉ ሁለት ሴቶች ጎህ ሳይቀድ ገቡ። ካህኑ ወዲያው ቤተ መቅደሱን ዘግቶ የማንጻት ሥርዓት ፈጸመ፤ በማግስቱ ግዛቲቱ በአድማና በሁከት ተናጠች። በኖቬምበር 2019 ደግሞ ያው ፍርድ ቤት በጉዳዩ ውስጥ ያሉትን ዋና ዋና ጥያቄዎች ለሰፋ ችሎት መራቸው።

ለሴቶች የአምልኮ ስፍራ መብት የሚታገል ሁሉ ይህን ታሪክ አስቀድሞ ቢያጠናው እመክራለሁ። ሕግ አያስፈልግም ማለቴ አይደለም፤ በጣም ያስፈልጋል። ነገር ግን አንዲት ሴት ከቤቷ ተነስታ፣ ከምታመልክበት ቦታ ደርሳ፣ ሰምታና አይታ፣ ሳትሸማቀቅ እስክትመለስ ድረስ በብዙ ሰው እጅ ውስጥ ታልፋለች፤ በዳኛው፣ በአስተዳደር ቦርዱ፣ በካህኑ ወይም በኢማሙ፣ በዘበኛው፣ የድምፅ ማጉያውን በሚከፍተው ልጅ፣ እዚያው በሚያመልኩት ሌሎች ሴቶች። ዘመቻው ለእያንዳንዳቸው የተለየ ጥያቄ ካላዘጋጀ አንዱ የፈቀደውን ሌላው ይከለክላል።

እገዳው የት ነው የተጻፈው?

አብዛኛው ዘመቻ «ለምን አንገባም?» ብሎ ይጀምራል። «ማን ከለከለን? በምን ሥልጣን?» ብሎ ቢጀምር ብዙ ድካም ይቀር ነበር።

የሳባሪማላው እገዳ በልማድ ላይ ብቻ የቆመ አልነበረም። የኬረላ መንግሥት በ1965 ያወጣው ደንብ በአንቀጽ 3(ለ) ስር በልማድ የማይፈቀድላቸው ሴቶች ወደ አምልኮ ስፍራ እንዳይገቡ ይላል፤ የኬረላ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ደግሞ በ1991 እገዳውን አጽንቶታል። በእንዲህ ያለ ጊዜ ከቤተ መቅደሱ አስተዳደር ጋር መነጋገር ብቻውን የትም አያደርስም፤ አስተዳደሩ ቢፈልግም እጁ የታሰረ ነው። ሊፈታው የሚችለው ወይ ሕግ አውጪው ወይ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ነበር።

በማሃራሽትራ ግዛት፣ በሻኒ ሺንግናፑር፣ ነገሩ የተገላቢጦሽ ነበር። እዚያ ሴቶች የተከለከሉት የሻኒ (የሂንዱዎች አምላክ) ድንጋይ የቆመበትን ከፍ ያለ መድረክ እንዳይረግጡ ነው። ሕጉ ግን ከነሱ ጋር ነበር። በ1956 የወጣው የግዛቱ ሕግ ለሂንዱዎች ሁሉ ክፍት በሆነ የአምልኮ ስፍራ ማንም ሂንዱ እንዳይከለከል ያዛል፤ የከለከለ እስከ 6 ወር ሊታሰር ይችላል። ለ60 ዓመት ያህል ለሴቶቹ ብሎ ያነሳው አልነበረም። ቡማታ ብርጌድ የተባለው ቡድን ጃንዋሪ 26 ቀን 2016 በመቶዎች የሚቆጠሩ ሴቶችን ይዞ ሲጓዝ ፖሊስ ከመንገድ መለሳቸው፤ ይህም አገሩን ሁሉ አነጋገረ። በሩን ያስከፈተው ግን ቪድያ ባልና ኒሊማ ቫርታክ ለቦምቤይ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ያቀረቡት አቤቱታ ነው። አዲስ መብት አልጠየቁም፤ ያለው ሕግ ይከበር አሉ። ፍርድ ቤቱም ኤፕሪል 1 ቀን መንግሥት ሕጉን እንዲያስከብር አዘዘ። ከአቤቱታ እስከ ትእዛዝ የፈጀው ወራት እንጂ ዓመታት አይደለም።

ሦስተኛው ዓይነት ክልከላ የትም አልተጻፈም፤ በብዙ መስጊዶች ያለው እሱ ነው። የመላው ህንድ ሙስሊሞች የግል ሕግ ቦርድ ራሱ በ2020 ለጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በሰጠው መልስ ሴት መስጊድ ገብታ መስገዷ በእስልምና የተፈቀደ ነው ብሏል። «የአላህን ሴት ባሮች ከአላህ መስጊዶች አትከልክሉ» የሚለው ሐዲስም ቡኻሪና ሙስሊም የዘገቡት ነው፤ ስለ ፈቃዱ ብዙ መከራከር አያሻም። ክልከላው ያለው በግንቡ ውስጥ ነው። ቤቱ ሲሠራ ሴት አልታሰበችም፣ ወይም ታስባ ትርፍ የሆነው ጥግ ተሰጣት።

የትኛው ዓይነት እንደሆነ ለማወቅ ርካሹ መንገድ ደብዳቤ ነው። አንድ ገጽ፣ አራት ጥያቄ፦ ክልከላው የትኛው ሰነድ ላይ ነው? መቼ ተወሰነ? ማን ወሰነው? ምክንያቱስ? መልስ የሚጠበቅበት ቀን ይጻፍበት፤ 30 ቀን በቂ ነው። በሁለት ቅጂ ተዘጋጅቶ አንዱ ይሰጣል፣ ሌላው ላይ ተቀባዩ ቀን ጽፎ ይፈርምበታል። አልፈርምም ካለ በአደራ ፖስታ ይላክና ደረሰኙ ይቀመጥ። ዘለፋ፣ ማስፈራሪያ፣ ረጅም የሃይማኖት ክርክር አይግባበት። ይህ ወረቀት በኋላ ፍርድ ቤት ቢኬድ የመጀመሪያው ማስረጃ ይሆናል፤ ባይኬድም አስተዳደሩ በቃል የሚለውን በጽሑፍ ለመድገም ሲቸገር ይታያል።

በጽሑፍ የተሰጠ ምክንያት ምን ያህል እንደሚጠቅም በሙምባይ የሐጂ ዓሊ ዳርጋ ጉዳይ ታይቷል። ሐጂ ዓሊ ባሕር ውስጥ ባለች ትንሽ ደሴት ላይ የሚገኝ የአንድ ወልይ መቃብር ነው። ሴቶች እስከ መቃብሩ ድረስ ይገቡ ነበር። የባራቲያ ሙስሊም ማሂላ አንዶላን (የህንድ ሙስሊም ሴቶች ንቅናቄ) አባላት በ2012 ሲሄዱ ግን የብረት አጥር ተሠርቶ አገኙ። ለምን ብለው ሲጠይቁ ባለአደራዎቹ የሰጧቸው ምክንያት አንድ አልነበረም፦ ሴቶች ሲያጎነብሱ ደረታቸው ይታያል፤ ለራሳቸው ደኅንነት ነው፤ ደግሞም ቀድሞ ሸሪዓው የሚለውን ባለማወቅ ተሳስተን ነበር። ሦስቱ አብረው አይሄዱም። ሦስተኛው ደግሞ እገዳው አዲስ መሆኑን በራሳቸው አንደበት ያረጋግጣል። ለዘመናት የቆየ ሥርዓት ነው የሚለው መከራከሪያ እዚያው ላይ ወደቀ።

ስለዚህ ክልከላ ባለበት ቦታ ሁሉ የቀድሞውን ልማድ የሚያሳይ ማስረጃ ፈልጉ። የቆየ ፎቶግራፍ፣ የሠርግ ወይም የበዓል ቪዲዮ፣ የእድሳት ንድፍ፣ በዕድሜ የገፉ ምእመናን የሰጡት የተፈረመ ቃል። የእድሳት ንድፍ ብዙ ጊዜ ይረሳል፤ ዛሬ ግድግዳ የሆነው ትናንት በር እንደነበር ከሱ የበለጠ የሚመሰክር የለም።

ጠያቂዋ ማን ናት?

በሳባሪማላው ችሎት ከነበሩት አምስት ዳኞች ብቸኛዋ ሴት ኢንዱ ማልሆትራ ነበሩ፤ ብቻቸውን የተለዩትም እሳቸው ናቸው። ከነጥቦቻቸው አንዱ ይህ ነው፦ አቤት ያሉት የቤተ መቅደሱ አምላክ የአያፓ አምላኪዎች አይደሉም፤ በእምነቱ ውስጥ ያለ ተበዳይ ሳይጠይቅ ፍርድ ቤት በአምልኮ ሥርዓት ጣልቃ መግባት የለበትም። በውሳኔያቸው አልስማማም። ነጥቡን ግን ማንም ዘመቻ አቅልሎ ሊያየው አይገባም። ከፍርድ ቤት ውጭም ያው ክርክር «ለመጠበቅ ዝግጁ ነን» በሚል መፈክር በራሳቸው በሴት አማኞች አፍ ተነስቷል። ጠያቂዎቹ ጠበቆች ነበሩ፤ ዕድሜያችን 50 እስኪሞላ እንጠብቃለን ያሉት ደግሞ አማኞች። ቤተ መቅደሱ ደጃፍ ላይ ሚዛኑ ወዴት እንዳጋደለ አይተናል።

በሐጂ ዓሊ ግን ከሳሾቹ ኑርጀሃን ሳፊያ ኒያዝና ዛኪያ ሶማን ራሳቸው ሙስሊሞች ነበሩ፤ የንቅናቄው አባላትም ዳርጋውን ሲዘይሩ የኖሩ ናቸው። «እምነታችሁን ቀይሩ» አላሉም፤ «የምንገባበትን መልሱልን» አሉ። እኔ ብጠየቅ፣ ከመድረክ ንግግርም ከጋዜጣዊ መግለጫም በፊት በዚያ ቦታ አዘውትረው የሚያመልኩ 10 ሴቶች ስማቸውን ለመስጠት ፈቃደኛ እስኪሆኑ ድረስ መታገስ ይሻላል እላለሁ። አይገኙም ከተባለ ገና ሥራ አለ ማለት ነው፤ ፈርተው ይሁን ወይም ሳይስማሙ ቀርተው፣ ሁለቱ መፍትሔያቸው ይለያያል። የፈራችውን ስሟ እንዳይወጣ አድርጎ ቃሏን መቀበል ይቻላል። ያልተስማማችውን ደግሞ መብቱ ለምትፈልገው እንጂ ለማስገደድ እንዳልሆነ በግልጽ መንገር ነው፤ መጠበቅ የምትሻ ትጠብቅ።

«እንግዲያው ሁሉም ይከልከሉ»

በሺንግናፑር ከፍርድ ቤቱ ትእዛዝ በኋላ የቤተ መቅደሱ ባለአደራዎች ብልሃት አገኙ፤ ወንዶችም ወደ መድረኩ አይውጡ አሉ። በወረቀት ሲታይ እኩልነት ነው፤ ሴቶቹ ግን እዚያው በነበሩበት ቀሩ። ኤፕሪል 8 ቀን፣ በማራቲዎች አዲስ ዓመት፣ ብዙ ወንዶች እገዳውን ጥሰው ወጥተው የተለመደውን ውኃ ድንጋዩ ላይ አፈሰሱ። ያን ጊዜ ባለአደራዎቹ እገዳው ለወንዶች ተጥሶ ለሴቶች ብቻ የሚጸና ሊሆን መሆኑን አይተው መድረኩን ለሁሉም ከፈቱ።

ሐጂ ዓሊም ተመሳሳይ ነገር አለበት። ከፍተኛ ፍርድ ቤቱ ኦገስት 26 ቀን 2016 ለሴቶቹ ፈረደ፤ ባለአደራዎቹም ይግባኝ ብለው ጠቅላይ ፍርድ ቤት ከደረሱ በኋላ በኦክቶበር ሴቶችን እንደ ወንዶቹ እናስገባለን፣ ለማስተካከያ ጊዜ ይሰጠን አሉ። ኖቬምበር 29 ቀን ሰማንያ ያህል ሴቶች ገቡ። ነገር ግን ከዚያ ወዲህ ወንድም ሴትም መቃብሩን አይነካም፤ ሁሉም ሁለት ሜትር ያህል ርቆ ይቆማል። ይህን እንደ ሽንፈት የሚያዩ አሉ። እኔ አላየውም፤ ምክንያቱም ርቀቱ ለሁለቱም አንድ ነው፣ እይታውም አንድ ነው። የሺንግናፑሩ ግን ማምለጫ ነበር። ልዩነቱን ለማየት የሚረዳው ጥያቄ «አዲሱ ደንብ ከሦስት ወር በኋላ ወንዶቹንም እየከለከለ ይቀጥላል ወይ?» የሚለው ነው። ጥያቄያችሁን ስትጽፉ «እኩል መግባት» ብላችሁ አትተዉት፤ «ወንዶች በዛሬው ቀን እስከሚደርሱበት ቦታ ድረስ» ብላችሁ ቦታውን በስም ጥቀሱ።

ከገቡ በኋላ የት ይቀመጣሉ?

በመስጊድ በኩል ዘመቻው የሚሞተው እዚህ ላይ ነው፤ «ሴቶች ክፍል አላቸው» ተብሎ ይዘጋል። ክፍሉን መለካት ያስፈልጋል። አንድ ሰጋጅ ሱጁድ (ግንባርን መሬት አስነክቶ መስገድ) ለማድረግ በግምት 60 ሳንቲ ሜትር ስፋትና 120 ሳንቲ ሜትር ርዝመት ይፈልጋል፤ ይህም 0.72 ካሬ ሜትር ነው። የሴቶቹ ክፍል 6 በ4 ሜትር ቢሆን 24 ካሬ ነው። መተላለፊያው፣ የጫማ መደርደሪያውና በሩ የሚዞርበት ሩቡን ይወስዳሉ። ቀሪው 18 ካሬ 25 ሴት ይይዛል። በዚያው ቤት የወንዶቹ አዳራሽ 20 በ15 ሜትር ከሆነ በተመሳሳይ ስሌት 312 ሰው ይይዛል። ከዚያ በተለመደ ቀን፣ በጁምዓና በረመዳን የተራዊህ ሌሊት ስንት ሴት እንደመጣችና ስንት ቦታ አጥታ እንደተመለሰች ይቆጠር። በአዘቦት ቀን ብቻ የተቆጠረ ቁጥር «ሴቶች አይመጡም» ለሚል ሰው መልስ ይሆናል፤ ቦታ የለም ተብላ የለመደች ሴት አትመጣምና።

ከስፋቱ በላይ የሚጎዳው ድምፁ ነው። በተለየ ክፍል ያለች ሴት ኢማሙን የምትከተለው በጆሮዋ ብቻ ነው። መብራት ሲጠፋ ወንዶቹ ኢማሙን እያዩ ይቀጥላሉ፤ እሷ ግን ሩኩዕ (ማጎንበስ) ላይ ይሁን ሱጁድ ላይ የምታውቅበት የለም። መብራት ሳይጠፋም ችግር አለ። ጁምዓ ማለዳ በሱብሒ ሶላት ኢማሙ ሱረቱ ሰጅዳ የተባለውን የቁርኣን ምዕራፍ ሲቀራ፣ ሱጁድ በሚደረግበት 15ኛው አያ (አንቀጽ) ላይ «አላሁ አክበር» ብሎ በቀጥታ ሱጁድ ይወርዳል። የሚያዩት አብረው ይወርዳሉ። የማታየዋ ሩኩዕ መስሏት ታጎነብሳለች፤ ከሩኩዕ ሲነሱ የሚባለውን «ሰሚዐላሁ ሊመን ሐሚዳህ» ትጠብቃለች፣ አይመጣም፤ ሁለተኛው ተክቢራ («አላሁ አክበር») ሲሰማ ግማሹ ሶፍ (ረድፍ) ቆሟል፣ ግማሹ ሱጁድ ላይ ነው። ይህ የሴቶቹ ዕውቀት ማነስ አይደለም፤ የግድግዳው ሥራ ነው።

መፍትሔው በቅደም ተከተል ቢጠየቅ ጥሩ ነው፤ ከርካሹ ይጀመር። ኢማሙ ከሶላቱ በፊት «የቲላዋ ሱጁድ (በንባብ መሃል የሚደረግ ሱጁድ) አለ» ብሎ ቢናገር ወጪ የለውም። ቀጥሎ የድምፅ መቆጣጠሪያው ሴቶቹ ክፍል ውስጥ ይሁን፤ ወንዶቹ ጋ ሲሆን ለራሳቸው በቃኝ ሲሉ ይቀንሱታል። የድምፅ ማጉያው በባትሪ መደገፍ አለበት። ለፍተሻ አንድ ሰው በማይክሮፎኑ 20 ቃላት በተለመደ ድምፅ ያንብብና ከኋላው ሶፍ ያለች ሴት የሰማችውን ትጻፍ፤ ከ18 በታች ከሆነ ኹጥባው (ስብከቱ) አልደረሳትም። ስክሪን የሚገባ ከሆነ ካሜራው በሽቦ ይገናኝ። በኢንተርኔት የሚመጣ ምስል ይዘገያል፤ ኢማሙ ተነስቶ ሳለ ስክሪኑ ላይ ገና ተደፍቶ ይታያል። ከሁሉም የሚሻለው ግን በአንድ አዳራሽ፣ ከወንዶቹ ሶፍ ኋላ፣ ወይ ያለ መጋረጃ ወይ ከወገብ በማይበልጥ መለያ መስገድ ነው። ይህ ሲሆን የድምፁም የምስሉም ጣጣ በአንድ ጊዜ ያልቃል።

የሴቶቹ በር ብዙ ጊዜ ከጎን ወይም ከምድር ቤት በኩል ስለሆነ በደረጃ ይወረዳል። ዊልቸር እንዲያልፍ በሩ ቢያንስ 80 ሳንቲ ሜትር ክፍተት ይፈልጋል፤ ተዳፋቱ ደግሞ ለእያንዳንዱ 1 ሜትር ከፍታ 12 ሜትር ርዝመት። 45 ሳንቲ ሜትር ከፍታ ላለው ደረጃ 5.4 ሜትር ማለት ነው፤ በጎን መተላለፊያው ላይ አይበቃም ካላችሁ ዋናው በር ለሴቶችም ይከፈት የሚለው ጥያቄ በራሱ ይመጣል። ሁለተኛ መውጫ ካለ በሶላት ሰዓት ከውጭ ተቆልፎ እንደሆነ ይታይ፤ እሳት ቢነሳ ይህ የሕይወት ጉዳይ ነው፣ ለክርክርም አይቀርብም። ውዱእ (ከሶላት በፊት መታጠብ) ማድረጊያ ከሌለ ደግሞ ከሥራ ወይም ከመንገድ የምትመጣ ሴት በሩ ቢከፈትላትም አትሰግድም።

ለማሳየት ፎቶግራፍን የሚያህል የለም። ሂንድ ማኪ በ2012 በአሜሪካ የጀመሩት «የጎን በር» የተባለው ዘመቻ ያደረገው ይህንኑ ነው፤ የሴቶችን የመስገጃ ቦታ ከነ ውበቱም ከነ ጉድለቱም አሳየ። የአንዱን መስጊድ የወንዶች አዳራሽና የሴቶች ክፍል በአንድ ቀን፣ በአንድ ከፍታ አንስታችሁ ጎን ለጎን አድርጉ። የሰው ፊት አይግባ፤ ሰዎች በሌሉበት ሰዓት ይነሳ። መጀመሪያ ለቦርዱ ይቅረብ፤ ወደ አደባባይ የሚወጣው መልስ ሲጠፋ ነው።

ቦታ ሲሰጥ ማን ያስተዳድረዋል?

በኢየሩሳሌም ባለው የአይሁድ መጸለያ፣ በምዕራቡ ግንብ፣ ሴቶች መድረሻ አላቸው፤ ክፍላቸው ከወንዶቹ በብዙ ቢያንስም። ትግሉ እዚያ ሆነው ድምፃቸውን ከፍ አድርገው በጋራ መጸለይን፣ ታሊት (የጸሎት ሻል) መልበስንና ከቶራ (ከኦሪት) ማንበብን የሚመለከት ነው። የግንቡ ሴቶች የተባለው ቡድን በዲሴምበር 1988 ጀምሮ በየወሩ መባቻ ይጸልያል። በኤፕሪል 2013 የኢየሩሳሌም ወረዳ ፍርድ ቤት ጸሎታቸው «የቦታውን ልማድ» አይጥስም አለ። የቶራ ጥቅልል ከውጭ ማስገባት ግን በአስተዳዳሪው ደንብ ተከልክሎ ነበር፤ ለሕዝብ የተቀመጡት ጥቅልሎች ደግሞ ያሉት በወንዶቹ ክፍል። መጸለይ ተፈቀደ፣ የሚጸለይበት ዕቃ ተያዘ። በኦክቶበር 2014 ሴቶቹ በአጉሊ መነጽር የሚነበብ ትንሽ ጥቅልል አስገብተው ያነበቡት ለዚህ ነው።

በጃንዋሪ 2016 የእስራኤል ካቢኔ በደቡቡ በኩል፣ በሮቢንሰን ቅስት፣ ሰፊ የጋራ መጸለያ እንዲሠራ አጸደቀ። ስምምነቱ ጠንካራ የነበረው ስለ ካሬ ሜትር ብቻ ስላልተናገረ ነው፤ ከዋናው አደባባይ የጋራ መግቢያ እንዲኖረው፣ የሚያስተዳድረው ጉባኤም ተጠቃሚዎቹን እንዲያካትት ይል ነበር። በጁን 2017 መንግሥት አገደው። ሴቶቹ ግን አዲሱ ቦታ በተግባር እስኪቆም ድረስ ከአሮጌው አንወጣም ብለው ስለነበር የቀረባቸው ተስፋ እንጂ የያዙት ቦታ አይደለም። በማንኛውም ድርድር ይህ ሐረግ ይግባ፦ አዲሱ ሥራ ሳይጀምር የነበረው አይቋረጥም።

በቦርድ ወንበርም ላይ እንዲሁ ነው። አንድ መቀመጫ አትቀበሉ፤ ሁለት ይሁን። በብዙ ቦርዶች የቀረበ ሐሳብ ደጋፊ ካላገኘ ለውይይት አይቀርብም፤ ብቻዋን የተቀመጠች ሴት ያነሳችው ሁሉ በቃለ ጉባኤ ሳይገባ ያልፋል።

የመግቢያው ቀን

ከበዓል ቀን ይልቅ የአዘቦት ቀን ይሻላል፤ ሕዝብ በበዛበት ቀን ግርግሩ ለፖሊስ መመለሻ ምክንያት ይሆናል። ከ5 እስከ 10 የሚሆኑ ሴቶች ይበቃሉ፤ ለምን እንደመጡ ሲጠየቁ «ለማምለክ» የሚሉና በእርግጥም የሚያመልኩ። ለፖሊስ በጽሑፍ ከ48 ሰዓት በፊት ማሳወቅ፣ የውሳኔውን ቅጂ እያንዳንዷ መያዝ፣ ጠበቃው ከውጭ በስልክ መገኘት፣ ከአምላኪዎቹ ጋር የማትገባ አንዲት መዝጋቢ መኖር። ጋዜጠኛ ከግቢው ውጭ ይቁም። አምልኮ መሃል ካሜራ ከገባ የደገፉትም ይርቃሉ።

ከዚያ በኋላ ያሉት ሳምንታት ከመጀመሪያው ቀን ይበልጣሉ። ካሜራው ሲሄድ ዘበኛው ይመለሳል፤ በሩ «ለጥገና» ይዘጋል፤ የገባችው ሴት ቤተሰብ ይወቀሳል። ካናካዱርጋ ከሳባሪማላ ወደ ቤታቸው ሲመለሱ በአማታቸው ተመትተው ሆስፒታል ገብተዋል። የምትገባ ሴት ማታ የት እንደምታድር፣ ሥራዋን ማን እንደሚሸፍንላት፣ ልጆቿን ማን እንደሚይዝ ከመግቢያው ቀን በፊት መታወቅ አለበት። ለተከለከለች ሁሉ አንድ ዓይነት ቅጽ ይሞላ፦ ቀን፣ ሰዓት፣ የትኛው በር፣ ማን ምን አለ፣ ምስክር ማን ነበር። በዚያው ቀን፣ ከ24 ሰዓት ሳያልፍ፣ ራሷ ትፈርምበት። በየወሩ መጨረሻ ቅጹ ተቆጥሮ ለቦርዱ ከመሸኛ ደብዳቤ ጋር ይግባ፤ አንድም ክልከላ ያልተመዘገበበት ወር ከሆነም «ዜሮ» ተብሎ ይጻፍ።